ሐዲድ የማይደርስበት

ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ፣ ከካቴድራሉ በር፣
ጃንጥላዬን ይዤ እንግዳ ስጠብቅ ነበር።
«ለአንድ ሰው ብቻ፣ በእግር» ይል ነበር ማዘዣው፤
የመሰለኝ ስዊድናዊ፣ ካርታ የያዘ፣ ፀሐይ የመለጠው።
የመጣው ግን ሌላ፤ ካፖርቱን እስከ አንገት የቆለፈ፣
ጫማውን የወለወለ፣ ሰማንያን ያለፈ፣
የሊዝበን ሰው።

«አዴሊኖ ፍራዛዎ» አለኝ ባርኔጣውን አንስቶ፣
የዘረጋሁትን እጅ እንደ ቲኬት አገላብጦ አይቶ።
«እዚሁ ተወልጄ፣ አርባ አንድ ዓመት ትራም ነዳሁ፤
ዛሬ እንደ ባዕድ ሰው ከተማዬን ልጎበኝ መጣሁ።»

ሳቄ መጣ። ዋጥኩት።
ደግሞስ ምን ልንገረው? የሸመደድኩትን ጀመርኩ፦
የትኛው ንጉሥ ማንን እንደወለደ፣ ምድር ስትናወጥ፣
የየመሠዊያው ሻማ ወድቆ ከተማው ሲቀልጥ፣
ወንዙ ቴዦ አብጦ ደረጃውን ሲውጥ...
እሱ ራሱን ይነቀንቃል፤
ዓመተ ምሕረት ስስት እንኳ እያወቀ ያልፈኛል።

አንድ ነገር ግን አየሁ፤ ማዕዘን በደረስን ቁጥር
እግሩ ድንጋዩን ይረገጣል፣ ጫን አድርጎ፣ በምስጢር።
«ቁርጥማት ነው?» አልኩት።
«ኧረ ደወሉ ነው! ከእግሬ ሥር ነበረ።
ጡረታ የወጣሁት እኔ ነኝ፤ እግሬ ሥራ ላይ ቀረ።»

ዳገቱን ስንወጣ፣ ትንፋሹን እየቆጠበ፣
የመጣበትን ጉዳይ ጥቂት በጥቂት አቀረበ፦
«ሐዲዱ ግራ ሲል እኔም ግራ ነኝ፤
ወደ ቀኝ የሚወጣ መንገድ ቢጠራኝ፣
ትራም እንደ በቅሎ በልጓም አይዞርም፤
አርባ አንድ ዓመት አልፌ አንድም ቀን አልገባሁም።

«እዚያ መታጠፊያው ላይ፣ ግድግዳው የሚጠጋበት፣
እጄን ባወጣ የምነካው መስኮት አለበት።
አንዲት ሴት ሽንኩርት ታቁላላለች፤ ሽታው እስከ ወንበሬ።
ደወሌን ስትሰማ ሳህኗን ከመስኮቱ ደፍ ትስባለች፣
ሳልፍ መልሳ ታስቀምጣለች።
በቃ፣ ይኸው ነው። ሰላምታ እንኳ የለንም።
አሥራ ዘጠኝ ዓመት እንዲህ ሆነ፤ አንድ ቀን ሳህኑ የለም።
በማግስቱም የለም።
መስኮቷን እንጂ በሯን አላውቅም፤
በሩ በጀርባ ነው። በጀርባ ሐዲድ የለም።»

ደብተሬን ከቦርሳዬ ከተትኩት።
ለፈቃድ ስፈተን ይህን አልጠየቁኝም።

ደረጃ። ከደረጃው በላይ ሌላ ደረጃ። የተሰጣ አንሶላ
ከሦስተኛ ፎቅ በአንገታችን ጠብ ይላል።
በአንድ ዝቅተኛ በር አንዲት ሴት ባቄላ ትፈለፍላለች፤
ከላይ የሆነ ሰው «ዙልሚራ!» ቢላት፣
«ቆይ!» ብላ ጮኸችና ወደ እኛ ዞረች።
«አራተኛው በር ነው። ግን የሚኖርበት የለም ዛሬ፤
እንደ እናንተ ያለ ጎብኚ ነው የሚያድርበት።»
ሽማግሌው ሳቀ። «ልክ ነሽ» አላት።

በሩ አረንጓዴ ነው። ከጎኑ የቁልፍ ሳጥን፣
አራት ቁጥር የሚጠይቅ።
አላንኳኳም። ባርኔጣውን አወለቀና
ከደፉ እስከ ጉበኑ በዓይኑ ለካው።
«ጠባብ ነው» አለ ቆይቶ።
«ያን ሁሉ ሽንኩርት ተሸክማ እንዴት ነበር የምትገባው?»

ያኔ ከቤቱ ማዶ፣ ግድግዳውን ዘልቆ፣
አንድ ትራም አለፈ፣ መስኮቶቹን አስጨንቆ።
ሽማግሌው ሰዓቱን አየ፦
«ሁለት ደቂቃ ዘግይቷል።»

ቤተ መንግሥቱን ትተን ወረድን።
ሒሳቤን በሳንቲም ቆጥሮ ሰጠኝ፣ ልክ በልኩ፣
መልስ እንደማይሰጥ ተሳፋሪ።
የመንገዱን ስም ጠየቀኝ፤ ሰሌዳው ተሰብሮ
ከፊደሉ ግማሹ ወድቋል።
«አላውቅም» አልኩት። በአሥር ዓመት ሥራዬ
ይህን ቃል ስል የመጀመሪያዬ ነበር።

ማዕዘኑ ጋ ሲደርስ እግሩ ድንጋዩን ነካ።
ደወል አልሰማሁም።
መንገድ ግን ለቀቅሁ።